ላም ጾም አታውቅም

ትዝታ የሽማግሌ ነው ይላሉ። እኔ ሠላሳን ካለፍኩ ብዙም አልሆነኝ፤ ግን ያደግኩበት ሰፈር ከኔ ቀድሞ ስለሞተ እንደ ሽማግሌ ላውራ፣ ይፈቀድልኝ። የምሠራው ኦሎምፒያ አንድ ካፌ ውስጥ ነው፣ ካሸር ነኝ። ከጀርባዬ ማሽኑ ቀኑን ሙሉ ወተት ያፈላል፣ ይጮሃል፣ ይተፋል። ወተቱ በላስቲክ ታሽጎ ነው የሚመጣው፤ የሚሸተውም ላስቲክ ላስቲክ ነው። ለዚህ ይመስለኛል እስካለፈው ሳምንት ድረስ ምንም ነገር ያላስታወሰኝ። ባለፈው ሳምንት ግን አንዲት ምርኩዝ የያዙ ሴትዮ ሒሳብ ሊከፍሉ መጥተው፣ ብሩን እጃቸው ላይ እንደያዙት ቀሩና ፊቴን ይመረምሩ ጀመር።

«አንቺ! የወተቷ ልጅ አይደለሽም?»

«እትዬ ዘርፌ!» አልኩ። ከኛ ግቢ ጥቂት በሮች አለፍ ብለው ይኖሩ የነበሩ፣ የመሥሪያ ቤት ታይፒስት ናቸው። በየቀኑ አንድ ሊትር ይወስዱ ነበር። ስሜን አሁንም አልጠሩትም፤ በዚያ ሰፈር ለሁሉም የወተቷ ልጅ ነበርኩ።

«ሞተሽ መስሎኝ!» አሉ፣ ካፌው ሁሉ እስኪዞር። «እኔ እኮ ለጡረታ ጉዳይ ነው ከአባዶ ኮንዶሚኒየም ድረስ የመጣሁት፣ እግሬ ነው እዚህ ያስገባኝ። ላሞቹስ? ያቺ ቦራስ ደህና ናት?»

ሰው ስለ ሰው ጤና ይጠይቃል፣ ያለ ነው። ላም በስሟ ስትጠየቅ ግን ምን ተብሎ እንደሚመለስ አላውቅም። «የሉም እትዬ። ሰፈሩ ሲፈርስ በየተራ ሄዱ።»

«ወይ ጉድ።» ባንኮኒው ላይ ያኖሩትን ማኪያቶ አንስተው የቀረችውን ጨለጧትና ፊታቸውን አጨማደዱ። «ይሄን ነው ወተት ብላችሁ የምትሸጡት? አባትሽ ውሃ ጨምሮበት እንኳ ከዚህ ይሻል ነበር!»

«አባዬ ውሃ አይጨምርም ነበር!»

«ይጨምር ነበር እንጂ ልጄ! ሁላችንም እናውቃለን። ግን ጥቂት ነው፣ ለክፋት አልነበረም።»

ሳቁ፣ ግንባሬን ሳሙኝ፣ መልሳቸውን እንኳ ሳይቀበሉ ሄዱ። ከዚያ ቀን ወዲህ በቃ፣ ማሽኑ በጮኸ ቁጥር ካዛንቺስ ነኝ።

አሁን በዚያ ሳልፍ ቤታችን የቱ ጋ እንደነበረ ማወቅ አልችልም። መንገዱ ሰፍቷል፣ መብራቱ ያምራል፣ አግዳሚ ወንበር ተደርድሯል። አንድ ቀን ተቀምጬበታለሁ። ምናልባት የተቀመጥኩት በረታችን ላይ ነው፣ ምናልባትም የእትዬ ዘርፌ ሽንት ቤት ላይ፤ ማን ያውቃል። ያኔ ከመናኸሪያው ወደ ውስጥ ስትገቡ መንገዱ እየጠበበ፣ እየጠበበ ሄዶ ሁለት ሰው ትከሻ ለትከሻ ሳይነካካ የማይተላለፍበት ይሆናል። ግራና ቀኙ የቆርቆሮ አጥር፣ አጥሩ ላይ የተደገፈ የጠላ ቤት ምልክት፣ ጣሳ የተደፋበት እንጨት። ሳምቡሳ ሁለት ብር ነበር። ታክሲ ከስታዲየም ካዛንቺስ ብር ከምናምን፤ ረዳቱ ሳንቲም የለኝም ካለ ጠብ ነበር፣ ስለ ሳንቲም እኮ ነው የምላችሁ። የአምስት ብር የስልክ ካርድ ሞልቶ አንድ ሳምንት ይወራ ነበር። እኛ ሴቶቹ ሱሪያችን ከመጥበቡ የተነሳ ስንቀመጥ ትንፋሽ እንይዛለን፤ ጫማችን ሶሉ ስስ ሸራ ነው፣ ዝናብ ሲዘንብ እግራችን እንደ ድንች ይነፋል። ጥጉ ላይ ያለው ፀጉር ቤት ስፒከሩን ወደ መንገድ አዙሮ ጠዋት የከፈተውን ዘፈን ማታም ይከፍተዋል፤ ሰፈሩ ሁሉ ጠልቶት ሰፈሩ ሁሉ በቃሉ ይዞት ነበር። ባቡሩ ይሠራ የነበረበት ሰሞን ነው። ከመስቀል አደባባይ የሚነሳው አቧራ እኛ ድረስ ይመጣና የላሞቹን ጀርባ ያለብሰው ነበር። በጣቴ ስሜን እጽፍበት ነበር።

አዎ፣ ላሞች። ካዛንቺስ መሀል፣ ፎቅ እየበቀለ ባለበት። አባዬ ላም ማርባት የጀመረው ከመሥሪያ ቤት በጡረታ ሳይሆን በንዴት ወጥቶ ነው ይባላል፤ አለቃውን ሰድቦ ወጣ፣ በማግስቱ ላም ገዛ። እናቴ እኔ ሕፃን ሳለሁ ነው ያረፈችው፤ የቀረነው እኔና እሱ፣ ላሞቹም ነበርን። ዘመኑ ደህና በነበረ ጊዜ በረቱ ሙሉ ነበር። እሱ ሲሞት አራት ቀርተው ነበር፤ ሁለቱ ጥቁርና ነጭ፣ እኛ «ፈረንጆቹ» የምንላቸው፣ አንዷ ገና ያልወለደች ጊደር፣ አራተኛዋ ከነጥጃዋ ቦራ። ቦራ ግንባሯ ላይ ነጭ ነበራት፣ ስሟም ከዚያ ነው። አባቷ ፈረንጅ እናቷ ሐበሻ። ወተቷ ከፈረንጆቹ ያንሳል፣ ግን ወፍራም ነው፣ ሲያድር ላዩ ላይ ቢጫ ቅባት ይይዛል። አባዬ «እነዚያ ወተት ይሰጣሉ፣ እሷ ቅቤ ትሰጣለች» ይል ነበር። እኔ አልሰማውም ነበር። አሥራ ሁለተኛ ክፍል ነበርኩ፣ ከበረቱ ባመልጥ ነው ምኞቴ፤ ጠዋት ትምህርት ቤት ስሄድ ሽታው እንዳይከተለኝ ልብሴን እትዬ ዘርፌ ቤት አስቀምጬ እዚያ እለብስ ነበር።

ውጤቴ አልመጣልኝም። ጓደኞቼ ጅማ ሄዱ፣ ባሕር ዳር ሄዱ፣ እኔ ቀረሁ። በዚያው ዓመት ጥር መባቻ ላይ አባዬ ሆዴን አመመኝ ብሎ ሆስፒታል ገባ፣ ሳይወጣ ቀረ። በቃ። ይህን ያህል ነው፤ ስለሱ ሞት ብዙ አልጽፍም።

ዕዳ እንዳለበት ያወቅኩት ተዝካሩ ከወጣ በኋላ ነው። የላሞቹን መኖ፣ ማለቴ ፉርሽካውንና ፋጉሎውን፣ የምንገዛው ከሐጂ ከድር ነበር። ሐጂ ከስልጤ በልጅነታቸው መጥተው ካዛንቺስ ውስጥ ያረጁ ነጋዴ ናቸው። ድንኳኑ ውስጥ ሦስቱንም ቀን ከኋላ ተቀምጠው ነበር፣ ስለ ገንዘብ ሳያነሱ። አርባው በወጣ ማግስት በሩን አንኳኩ።

«ምሕረት ልጄ፣ በኛ ዘንድ የሟች ዕዳ ገና ሳይቀበር ነው የሚጠየቀው። ዕዳ ይዞ እንዳይሄድ። በእናንተ ዘንድ ግን ሐዘን ላይ ገንዘብ መጥራት ነውር ነው አሉኝ፣ አርባው ይውጣ አሉኝ። ጠበቅኩ። አሁን ወጣ።»

«ስንት ነው ሐጂ?»

ነገሩኝ። የቦራ ዋጋ ነበር። ቦራን ወስደው በነጋታው ገበያ ቢያወጧት ልክ ያንኑ ያወጣሉ። እሳቸውም ይህን ያውቁ ነበር፤ ዓይናቸው ወደ በረቱ ሄዶ ነበር። «ካልሆነልሽ ያቺን ባለ ነጭ ግንባር ስጪኝና ዕዳው ይቅር። ከሆነልሽ ግን ለፋሲካ ክፈዪኝ። አባትሽም ሁልጊዜ የሚከፍለኝ ለፋሲካ ነበር።»

ለምን ፋሲካ እንደሆነ ያኔ አልገባኝም ነበር።

አጎቴ ሽፈራው፣ የአባዬ ታላቅ፣ ቃሊቲ ነው የሚኖረው፤ እሱ ደግሞ ሌላ ሐሳብ ነበረው። «ሁሉንም ሽጫቸው። በረቱን ሦስት ክፍል አድርጌ እሠራልሻለሁ። አከራዪና ቁጭ ብለሽ ብዪ።»

«ቁጭ ብዬ ምን ልሁን ጋሼ?»

«እንዴት ምን ልሁን? ሰው ቁጭ ብሎ ለመብላት አይደል እንዴ የሚለፋው?»

እውነቱን ልናገር፣ እምቢ ያልኩት ላም ስለምወድ አልነበረም። አንድ ቦታ ቁጭ ማለት አልችልም፣ እስካሁንም ካፌው ውስጥ ወንበሬን የምጠቀምበት ሻንጣዬን ለማስቀመጥ ነው። ግን ዋናው እሱ አይደለም። ከለቅሶ በኋላ ቤቱ ባዶ ሲሆን፣ ወንበሩ ለዕድር ሲመለስ፣ በዚያ ግቢ ውስጥ ከኔ ሌላ የሚተነፍሱት ላሞቹና ጥጃው ብቻ ነበሩ። ገበያ ወጥተው ካለቁ እኔ ብቻ ነበርኩ የምቀረው። ይህን ለአጎቴ እንዴት ነው የምነግረው? «እንሞክራለን» አልኩት። እንሞክራለን ስል እነማን እንደሆንን አልጠየቀኝም።

አላቢያችን የወር ደሞዙን ይዞ ወደ ሰንዳፋ ሄደ፤ «ለሴት አልቀጠርም» አላለም፣ ግን ሄደ። ማለብ እንዴት ከባድ እንደሆነ ያላለበ ሰው አያውቅም። አውራ ጣቴ አብጦ ማንኪያ መያዝ አቃተኝ። ፈረንጆቹ ደጎች ናቸው፣ ማንም ቢያልባቸው ግድ የላቸውም፣ እንደ ቧንቧ ናቸው። ቦራ ግን መጀመሪያ ጥጃዋ ቀርቦ ጡቷን ሲስብላት፣ እሷም ዞራ ጀርባውን ስትልስ ነው ወተቷ የሚወርደው። ከዚያ ጥጃውን አስሬ አልባታለሁ። ይህንን ለመድኩ። ጠዋት በባልዲና በጣሳ ሰፈር ለሰፈር እዞራለሁ፤ «ወተት!» ማለት አፍሬ በሩን በጠጠር እመታ ነበር። ለጥቂት ሳምንታት ገቢው መልካም ነበር፣ ይሄ ነገር ይቻላል እንዴ አልኩ።

ከዚያ ቅበላ መጣ።

በዋዜማው እትዬ ዘርፌ በሩን ከፍተው፣ እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው፣ «ከነገ ጀምሮ እንዳታመጪ፣ እስከ ፋሲካ» አሉኝ። የቀጣዩ በር፣ የሚቀጥለውም፣ መንገዱ ሁሉ። ሁዳዴ ገባ። ሁሉም ሰው በአንድ ቀን ወተት ተወ፣ ለላሞቹ ግን ማንም አልነገራቸውም። ላም ጾም አታውቅም፤ ጠዋትም ማታም ግቷ ይሞላል፣ ጠዋትም ማታም ትበላለች። የቀሩልኝ ሁለት ሙስሊም ቤተሰቦችና አንዲት መንታ የወለደች ሴት ብቻ ነበሩ። ባልዲው ሙሉ ወተት ፊቴ ተቀምጦ ሳየው ነው ፋሲካ ለምን እንደሆነ የገባኝ። የካዛንቺስ ወተት ሻጮች ሁሉ ጾሙን የሚያሳልፉት እየናጡ ነበር። አርግተው፣ ንጠው፣ ቅቤውን ያጠራቅማሉ፤ በፋሲካ ዋዜማ የአዲስ አበባ ሴት ሁሉ ለዶሮዋ ቅቤ ስትፈልግ ያወጡታል። አባዬ በየዓመቱ ሁዳዴን በዱቤ መኖ ይሻገርና በቅቤው ይከፍላል። እኔም እንዲሁ ላደርግ ነው።

በዚያ ዓመት ግን ሐጂ ዱቤ ዘጉብኝ። «የሞተ ሰው ዕዳ ላይ የሕያው ዕዳ አልጨምርም። ፉርሽካ አልከለክልሽም፣ ግን በእጅሽ ይዘሽ ነይ።» ተናደድኩ፤ አሁን ሳስበው ትክክል ነበሩ። ከጠላ ቤቶቹ አተላ እየለመንኩ በባልዲ አመጣሁ፤ ላሞቹ ወደዱት፣ በረቱም ሰንበቴ የተጠጣበት መሰለ። ግን አተላ ብቻውን አያጠግብም። እና ያን ጊዜ፣ ላም ያለው የከተማ ሰው ሁሉ የሚያደርገውን አደረግኩ፤ ወንድ ጥጃ ወተት ከመጨረስ ሌላ ጥቅም የለውም ይባል የለ፣ የቦራን ጥጃ ለአንድ ነጋዴ ሸጥኩ። አይሱዙ ላይ ጫነው። በገንዘቡ ፉርሽካ ገዛሁ። የፈረንጆቹንም ጥጃዎች አባዬ እንዲህ ይሸጥ ነበር፣ ምን ሊመጣ ነው? ቦራ ሐበሻ መሆኗን ረሳሁ።

በማግስቱ ጠዋት ባልዲውን ስር አድርጌ ስስብ አንድ ጠብታ አልወጣም። ግቷ ሞልቷል፣ እንደ ድንጋይ ጠንክሯል፤ ይዛዋለች። ደግሜ ስሞክር ረገጠችኝ። ማታም እንደዚያው። እየጮኸች በሩን ታያለች፣ ጥጃው ተጭኖ የወጣበትን በር። ከጎረቤት «ያቺን ላም ዝም አሰኚያት!» የሚል ድምፅ መጣ፤ እኔም በሆዴ አንተው ናና ዝም አሰኛት አልኩ። ሦስተኛው ቀን ላይ ግቷ ትኩሳት ያዘው። የቦራ ወተት ከቀረ ቅቤ የለም፤ ቅቤ ከሌለ ፋሲካ ላይ የምሰጠው ራሷን ቦራን ነው። ያውም በዚህ ሁኔታዋ ማንም አይወስዳትም፤ ሐጂ ጠጋ ብለው ፈረንጆቹን ማየታቸው አይቀርም።

ለማን ልንገር? ለጓደኞቼ በስልክ ጻፍኩ። አንደኛዋ ከጅማ «ሃሃሃ ላምሽ ኩርፊያ ገባች» ብላ መለሰችልኝ። ስልኩን ወርውሬ ሐጂ መጋዘን ሄድኩ። ዕዳ የሚጠይቁኝ ሰው ናቸው፣ ሌላ ሰው ግን አልታሰበኝም።

ሐጂ ፉርሽካ በአካፋ እየሞሉ ሰሙኝና አካፋውን አቆሙ። «ጥጃውን ሸጥሽው?»

«ሸጥኩት።»

«በሕይወቱ?»

«እንዴ፣ በሞቱ ማን ይገዛኛል?»

«አይ አንቺ ልጅ! እኛ አገር ጥጃ ሲሞት ቆዳውን ገለባ እንሞላዋለን፣ አጠገቧ እናቆመዋለን፣ ልጇን ታሸተዋለች፣ ትልሰዋለች፣ ትታለባለች። ያንቺው ቆዳውን ለብሶ ሄደ።» ትንሽ አሰቡ። «ጨው አለሽ?»

«አለኝ።»

«አንድ ሰው ሻርፕ ላይ ጨው ነስንሶ አንገቱ ላይ ጣል ያድርግና በጎኗ ይቁም፣ ትላሰው። አንቺ ከታች እለቢ።»

«ሰው የለኝም ሐጂ።»

ቀና ብለው አዩኝ። ፊታቸው ላይ ፉርሽካ ነበር፣ ቅንድባቸው ነጭ። «እንግዲያው ጥጃዋ አንቺው ሁኛ። ምን ታይኛለሽ? ወተት ካልሰጠች የኔ ገንዘብ ከየት ይመጣል?»

ከሰዓት በኋላ አሥር ሰዓት ላይ የአባዬን አሮጌ ሻርፕ በውሃ ነክሬ፣ ጨው ነስንሼ፣ አንገቴ ላይ ጠምጥሜ ገባሁ። የማሰሪያዋን ገመድ አላላሁላት። በርጩማዬ ላይ ተቀምጬ ጭንቅላቴን ጎኗ ላይ ጣል አደረግኩ። መጀመሪያ አሸተተችኝ፣ ትንፋሿ ትኩስ ነው፣ አተላ ይሸታል። ከዚያ ላሰችኝ። የላም ምላስ የብርጭቆ ወረቀት ነው በሉት። ከሻርፑ አለፈች፣ ጆሮዬን ላሰች፣ ፀጉሬን፣ ማጅራቴን። አመመኝ፣ ግን አልተንቀሳቀስኩም። ድንገት በእጄ ውስጥ ጡቱ ለሰለሰ፣ ግቱ ተፈታ፣ ባልዲው ጩርር አለ።

አለቀስኩ። ይህን የምጽፈው እንድታዝኑልኝ አይደለም፣ የሆነውን ነው። አባዬ ከሞተ በኋላ፣ ለቀስተኞቹ ትከሻዬን ስመው ከተለዩኝ በኋላ፣ ማንም ሰው በእጁ ነክቶኝ እንደማያውቅ የገባኝ ያን ጊዜ ነው። ላሟ ልጇ መስያት፣ ወይ ልጇ እንዳልሆንኩ አውቃ ጨውን ብላ፣ አላውቅም፤ በቀን ሁለት ጊዜ ትልሰኝ ነበር። አንገቴ ቆሰለ። ታክሲ ውስጥ አንዷ ልጅ አንገቴን አይታ ጓደኛዋን ጎሸመቻት፤ ወንድ የሳመኝ መስሏት ይሆናል። ምን ልበላት፣ ላም ናት ልበላት?

ጾሙ ረዘመ። ሌላው ሰው ሥጋ እየናፈቀው ነው ሁዳዴ የሚረዝምበት፤ እኔ ወሬ ነው የናፈቀኝ። ወተት ስለማላዞር በሩን የምከፍትበት ምክንያት አልነበረም። ቀኑን ሙሉ እንጣለሁ፣ ቅሉን ጭኔ ላይ አድርጌ ወዲያና ወዲህ፣ ጓ ጓ ጓ፣ ከፀጉር ቤቱ ዘፈን ጋር እየገጠምኩ። ቅቤው ሲሰበሰብ ድምፁ ይለወጣል፣ ይከብዳል። አሬራውን እኔ አልጠጣው ጾም ነው፤ ለጊደሯ እሰጣታለሁ። ቅቤውን በቀዘቀዘ ውሃ ውስጥ አስቀምጣለሁ፣ ውሃውን እቀይራለሁ። አንድ ቅዳሜ አጎቴ ሽፈራው ገዢ ይዞ መጣ፣ ሳይነግረኝ። ሰውዬው የፈረንጆቹን ጥርስ አየ፣ የቦራን ግት ዳበሰ።

«ልጅቷ ነች የምትሸጠው ወይስ አንተ?» አለ አጎቴን።

«ማንም አይሸጥም» አልኩ። «እጅህን አንሳ።»

«ነውር!» አለኝ አጎቴ። «ትልቅ ሰው ነው!»

«ትልቅ ሰው ከሆነ ሳያስፈቅድ የሰው ላም አይነካም።»

አጎቴ በሩን ደብድቦ ወጣ። ከዚያ ቀን በኋላ ስልክም አልደወለልኝ። ብቸኝነት ማለት የሚነጫነጭብሽ ሰው እንኳ ሲጠፋ ነው፤ ይህን ከማንም አልሰማሁም፣ ራሴ ነኝ የደረስኩበት።

ቅዳሜ ሹር ጠዋት ቅቤዬን በሳፋ ሞልቼ በራችን ፊት ተቀመጥኩ። ቄሱ ቄጠማ ይዘው እየዞሩ ነው፣ ሰዉ ሁሉ ግንባሩ ላይ አስሯል። በግ ትከሻ ላይ ይሄዳል፣ ዶሮ ተዘቅዝቆ ይሄዳል። ቅቤ የሚገዛ ሰው ሁሉ ዳኛ ነው። ያውም የዚያን ቀን መቅመስ አይቻልም፣ ገና አልተፈሰከም፤ ስለዚህ እጃቸው ጀርባ ላይ ያሻሹታል፣ ያሸቱታል፣ ፀሐይ ላይ ይዘው ያዩታል።

«ሙዝ አልቀላቀልሽበትም?» አለችኝ የመጀመሪያዋ። ያን ሰሞን ቅቤ ውስጥ ሙዝ ይቀላቅላሉ ተብሎ ከተማው ሁሉ ተጠራጥሮ ነበር።

«ሙዝ የምገዛበት ብር ቢኖረኝ ራሴ በላሁት ነበር!»

ሳቀች፣ ግን አልገዛችም። ሁለተኛዋም አሽትታ ሄደች። ፀሐዩ እየበረታ ነው፣ ቅቤው ጠርዙ ላይ መላላት ጀመረ፣ እኔም ልቤ ከሱ ጋር መቅለጥ ጀመረ። ይህ ቅቤ ዛሬ ካልተሸጠ ከነገ በኋላ ዋጋው ግማሽ ነው፤ ቦራ በዓሉ ሲያልፍ ሐጂ ግቢ ናት። ያኔ እትዬ ዘርፌ ሳህን ይዘው መጡ። ጎንበስ ብለው አላሸተቱም፣ አላሹም። በረቱ ከጀርባዬ ክፍት ነው፤ ወደ ውስጥ አዩና ጮኹ፦

«የቦራ ነው?»

«የቦራ ነው እትዬ።»

«ሁለት ኪሎ መዝኚልኝ! እናንተ እዚያ ምን ትዞራላችሁ? ላሟ ይቺውና ቆማ! ሙዝ የምትታለብ ላም አይታችሁ ታውቃላችሁ?»

መንገዱ ሁሉ ሳቀ፣ ሳቁ ሰው አመጣ። ከሰዓት በኋላ ሳፋው ታጠበ። ብሩን በፌስታል ጠቅልዬ፣ ጡት መያዣዬ ውስጥ ከትቼ፣ ሐጂ መጋዘን ድረስ በእግሬ ሄድኩ። ሐጂ ቆጠሩ፣ ደግመው ቆጠሩ፣ ከዚያ ከጥቅሉ ላይ አንዱን ብር አንስተው መልሰው ሰጡኝ። «ለምርቃት። ጨረስሽ ምሕረት። አባትሽ አሁን ይተኛል።» በሩ ላይ ስደርስ ጠሩኝ። «ነገ ከማን ጋር ነው የምትፈስኪው?»

«ከአጎቴ ጋር» ብዬ ዋሸሁ።

ፋሲካ ዕለት ጠዋት ጣሳዬን ይዤ ዞርኩ፤ ሰፈሩ ሁሉ እንደገና ወተት ይፈልግ ነበር። በየበሩ «ግቢ፣ ቅመሺ!» ይሉኛል፤ «ሌላ ደንበኛ ይጠብቀኛል» እላለሁ። እንዴት ነው በየቤቱ አንድ አንድ ጉርሻ እየጎረሱ ባልዲ ይዞ መዞር? ስምንት ሰዓት አካባቢ ቤቴ ገብቼ እንቁላል ልጠብስ ስል ከውጭ ጥሩምባ ተነፋ። በሩን ብከፍት አጎቴ ሽፈራው ነው፣ ሙሉ ልብስ ለብሷል፣ ሰማያዊ ኮንትራት ታክሲ ሞተሩ ሳይጠፋ መንገዱ አፍ ላይ ቆሟል።

ወደ በረቱ አየ። አራቱን ሲያይ ቆመ። «አልወሰዱብሽም?»

«ከፈልኩ ጋሼ።»

«ሁሉንም?»

«ሁሉንም። ትላንት።»

ባርኔጣውን አወለቀ። እያሸተተ ግቢውን ተዘዋወረ፣ ግርግሙን አየ፣ የቦራን ግንባር በጣቱ ነካ ነካ አደረጋት። ሲመለስ ድምፁ ሌላ ነበር። «የወንድሜ ልጅ ነሽ» አለ፣ አሁን የነገሩት ይመስል። «ነይ ልበሺ። በግ ታርዷል፣ አክስትሽ ዶሮውን አልነካም ብላ ትጠብቃለች፣ ልጆቹም ትምጣ ብለው ይጮኻሉ። እዚያው ታድሪያለሽ።»

እንዴት እንደሮጥኩ አላስታውስም። ፊቴን ታጠብኩ፣ የሐበሻ ቀሚሴን አወጣሁ፣ ከዓመት በፊት የተሰፋ ነው፣ ወገቤ ላይ ሰፍቶኛል። አንገቴ ላይ ያለውን ቁስል በነጠላ ሸፈንኩ። ጫማዬን እያሰርኩ ስወጣ ቦራ አንገቷን አዙራ ታየኛለች፣ ግቷ ሞልቷል።

«ጋሼ፣ አሥር ሰዓት ላይ ይታለባሉ።»

«አንድ ቀን ባይታለቡ ይሞታሉ?»

«ግቷ ይቆስላል። ደግሞ ከኔ ሌላ ለማንም አትሰጥም።»

«ለጎረቤት ንገሪያ!»

ለማን? እትዬ ዘርፌ ጨው ነስንሰው አንገታቸውን ሊያስልሱ ነው? ታክሲው ጥሩምባውን ነፋ። «ጋሼ፣ አልቤ ልምጣ? እርስዎ ትንሽ ቢጠብቁኝ?»

«ኮንትራት ነው ልጄ። ሰውዬው በደቂቃ ነው የሚቆጥርብኝ፣ እንግዳም ቤት ጥዬ ነው የመጣሁት።» እውነቱን ነበር፤ ክፋት አልነበረውም። ደረት ኪሱን ዳብሶ ብር ሊሰጠኝ ፈለገ፣ እምቢ አልኩ። ግንባሬን ስሞ፣ «እንግዲህ አንቺ የመረጥሽው ነው» አለኝ፣ በተግሳጽ ሳይሆን በአክብሮት። እሱ ነው የባሰው።

ታክሲው ወደ ኋላ እየሄደ ከመንገዱ ሲወጣ በሩ ላይ ቆሜ አየሁት። ከየቤቱ የማንኪያ ድምፅ፣ ሳቅ፣ የፀጉር ቤቱ ዘፈን ይሰማል። ቀሚሴን አውልቄ ሰቀልኩ፣ የበረቱን ልብስ ለበስኩ፣ ባልዲውን አነሳሁ። አራቱም የኔ ነበሩ፤ ማንም መጥቶ አንዷን እንኳ ሊወስድብኝ አይችልም ነበር። እኔንም የትም ሊወስደኝ የሚችል ሰው አልነበረም።